«ይቀጥላል»ን ማን ሠረዘው?

በቅርቡ ከሸዋ ሮቢት ወደ አጣዬ ስጓዝ መኪናችን ጀውሃ ላይ ቆመች። የቆላው ፀሐይ ቢጠናብኝ አንዲት ሻይ ቤት ገባሁ። ባጃጁን ደጅ ያቆመ ወጣት ሞባይሉን ብርጭቆ ላይ አስደግፎ የወጋየሁ ንጋቱን ድምፅ ያዳምጣል። ትረካው በ1958 ዓ.ም. የታተመው የሐዲስ ዓለማየሁ «ፍቅር እስከ መቃብር» ነው። ወጣቱ የጉዱ ካሣ ንግግር ሲጥመው መልሶ ይሰማዋል፤ ሲሰለቸው ደግሞ በጣቱ ገፋ አድርጎ ያልፋል።

አጠገቡ የተቀመጡ አዛውንት አላስቻላቸውም። «አንተ ልጅ፣ ምን አስቸኮለህ? እኛ በሬዲዮ አንዱን ሰምተን ቀጣዩ እስኪደርስ ስንከራከር እንከርም ነበር» አሉት።

«አባባ፣ እኔ የምሰማው ተሳፋሪ እስኪመጣ ነው፤ ሁሉን ልስማ ካልኩማ መቼም አልጨርሰው!»

ለመሆኑ ሐያሲ ለማን ይፍረድ? ፈረንሳዊው የተረክ ሊቅ ዤራር ዤኔት እ.ኤ.አ. በ1972 ባሳተመው ጥናቱ የትረካን ጊዜ በሦስት ነገሮች መረመረው፦ በቅደም ተከተል፣ በቆይታና በድግግሞሽ። ሦስቱንም የሚወስነው ድርሰቱ ነበር። ዛሬ ግን የወጣቱ ጣት እየዘለለ ቅደም ተከተሉን፣ እያፈጠነ ቆይታውን፣ እየመለሰ ድግግሞሹን ይለውጣል። ሂሳችን ግን አሁንም ስለ ሴራና ስለ መቼት ሲያወራ ይህን ጣት ከቁጥር አላስገባውም።

መዝለልና መመለስ ለሥነ ጽሑፋችን ባዕድ ነው ማለቴ አይደለም። አዳም ረታ «ሕጽናዊነት» ያለውን አጻጻፉን ከእንጀራ ጋር አመሳስሎ፣ ታሪክን ከታሪክ እያያያዘ አንባቢውን ወዲያና ወዲህ ይወስደዋል። ልዩነቱ፣ እዚያ መንገዱን የቀየሰው ደራሲው መሆኑ ነው። የጀውሃው ወጣት መሪ ግን የራሱ ፍላጎት ብቻ ነው። የሰለቸው ክፍል በኋላ ለሚመጣው ሐዘን መደላድል ይሁን አይሁን በምን ያውቃል?

በእኔ እምነት ትልቁ ጉዳት ያለው ከዝላዩ ይልቅ በመጠበቁ መቅረት ላይ ነው። «ይቀጥላል» የሚለው ቃል አድማጮችን በአንድ ጉጉት ያስር ነበር፤ ክርክሩም የትረካው አካል ነበር። አሁን እያንዳንዱ ለብቻው ሰምቶ ለብቻው ይጨርሳል።

ይህን እያሰብኩ ሳለ ግን አዛውንቱ ወንበራቸውን ወደ ወጣቱ አስጠጉ። «እስቲ በዛብህ የሞተበትን አምጣልኝ» አሉት። «ያን ዕለት ማሽላ ጥበቃ ላይ ሆኜ አምልጦኛል።»

ሬዲዮው ላመለጠው ሰው አይመለስም ነበር። ወጣቱ ፈልጎ አገኘላቸው፤ ተሳፋሪ መጥቶ ቢጠራውም አልተነሣም።