ዩኒቨርሲቲውና ሕያው ገጣሚ

ከእንጦጦ ተራራ በሽሮ ሜዳ በኩል የሚወርደው መንገድ ስድስት ኪሎ ከዩኒቨርሲቲው በር ያደርሳል። የባሕር ዛፍ ጭራሮ በጀርባቸው አዝለው በዚሁ መንገድ የሚወርዱ እናቶች ለብዙ ዘመን በግቢው አጥር ሥር ሲያልፉ ኖረዋል። ከአጥሩ ውስጥ ያለው ምሁር ከአጥሩ ውጪ ስላለው ሸክም ምን ይላል? ይህ ጥያቄ ለዘመናዊው የአማርኛ ሥነ ግጥም እንግዳ አይደለም። ኮሌጁ ገና አራት ኪሎ ሳለ፣ በ1953 ዓ.ም. በኮሌጅ ቀን በዓል የተነበበው የታምሩ ፈይሳ «ደሃው ይናገራል» ጥያቄውን በአደባባይ ያነሣ ግጥም ነበር። እሱን ተከትለው የኢብሳ ጉተማ «ኢትዮጵያዊ ማነው?» እና የኃይሉ ገብረ ዮሐንስ (ገሞራው) «በረከተ መርገም» መጡ። የአንድ ትውልድ ንቃት የተቀሰቀሰው ከመማሪያ መጽሐፍ ባልተናነሰ በእነዚህ ግጥሞች ነው።

እንግዲህ ዩኒቨርሲቲው ለግጥም መድረክ እንደነበረ አያከራክርም። የዚህ ጽሑፍ ጥያቄ ሌላ ነው፤ መድረክ የሆነውን ያህል ለግጥም አሳታሚ ሆኗል ወይ?

የዩኒቨርሲቲው ፕሬስ በ1960 ዓ.ም. ገደማ ከተቋቋመ ወዲህ በታሪክ፣ በቋንቋና በማኅበራዊ ጥናት ረገድ ያበረከተው አስተዋፅኦ የሚናቅ አይደለም። ለግጥምም ፊቱን ጨርሶ አላዞረም። በዩኒቨርሲቲው ሥነ ጽሑፍ ያስተማረውን የዮሐንስ አድማሱን «እስቲ ተጠየቁ» የተሰኘ የግጥም መድብል በ1990 ዓ.ም. አሳትሟል። ሥራው ምስጋና ይገባዋል። ይሁን እንጂ ዮሐንስ ያረፈው በ1967 ዓ.ም. ነው። መድብሉ ሃያ ሦስት ዓመት ዘግይቶ ደረሰ ማለት ነው። ገብረ ክርስቶስ ደስታም በ1973 ዓ.ም. በስደት ሲያርፍ ግጥሞቹ ገና በአንድ ጥራዝ አልተሰበሰቡም ነበር። «መንገድ ስጡኝ ሰፊው» በሚል ርእስ ለአንባቢ የቀረቡት ከሞቱ ከብዙ ዓመታት በኋላ ነው።

ከሞት በኋላ መታተም ክብር ነው ይባል ይሆናል። ለሥነ ጽሑፍ ዕድገት ግን ጉዳቱ ተጨባጭ ነው። የሞተ ገጣሚ ሒስ አይሰማም፤ የሰማውንም ይዞ ቀጣዩን ግጥም አያርምም። ከእሱ በኋላ የሚመጣው ወጣት በበኩሉ ቀዳሚው ከደረሰበት መጀመር ሲገባው እንደ አዲስ ከሀ ይጀምራል። ቅርፅና ይዘት የሚበስሉት በጸሐፊና በሐያሲ ሕያው ክርክር እንጂ በመታሰቢያ ጥራዝ አይደለም።

ዛሬ የአብዛኛው ወጣት ገጣሚ መንገድ የታወቀ ነው። ከቤተ ዘመድና ከወዳጅ ገንዘብ ያሰባስባል፤ የማተሚያ ቤቱን ሒሳብ ራሱ ይከፍላል፤ መጽሐፉን ያስመርቃል፤ ቀሪውን ለአዟሪ ያስረክባል። በዚህ ጉዞ ሁሉ «ይህ ስንኝ ደካማ ነው፤ ይህ ቤት አልደፋም» የሚለው ሰው የለም። የግጥም ምሽቶች፣ በተለይም በራስ ሆቴል ሲካሄድ የነበረው «ግጥም በጃዝ»፣ ለግጥም ብዙ ሰሚ አፍርተዋል። ጭብጨባ ግን የአርታኢን እርሳስ አይተካም።

በሌላው ዓለም የሚታየው ልምድ ምን ያስተምራል? በአሜሪካ የዬል ዩኒቨርሲቲ ማተሚያ ቤት እንደ አውሮፓ አቆጣጠር ከ1919 ጀምሮ የወጣት ገጣሚያንን የመጀመሪያ መጻሕፍት በተከታታይ ሲያወጣ ኖሯል። ለእኛ ይበልጥ የሚቀርበው የነብራስካው ነው። የነብራስካ ዩኒቨርሲቲ ማተሚያ ቤት ከአፍሪካ የግጥም መጽሐፍ ፈንድ ጋር ሆኖ የአፍሪካ ገጣሚያንን ያሳትማል። የማኅተም ሽፈራው የመጀመሪያ መድብል «ፉሽያ» በዚሁ በኩል በ2016 (እ.ኤ.አ.) ታትሟል። ዓለሙ ተበጀና ክሪስ ቤኬት ወደ እንግሊዝኛ የመለሷቸው የአማርኛ ግጥሞችም በ2020 (እ.ኤ.አ.) በእንግሊዝ አገር በካርካኔት አሳታሚነት ወጥተዋል። ደስ ሊለን ይገባል፤ ልናፍርም ይገባል። አማርኛን በእንግሊዝኛ የሚያነብ ባዕድ የተመረጠና የታረመ መድብል በእጁ ሲገባ፣ በቋንቋው የሚያነበው የኮተቤ ዕጩ መምህር ለክፍሉ የሚሆን የዘመኑን ግጥም የሚለቅመው ከየአዟሪው ነው።

ሁለት ተቃውሞዎች እንደሚነሡ እናውቃለን። አንደኛው «ግጥም አይሸጥም» የሚል ነው። እውነት ነው፤ ስለዚህም ነው ሥራው ለነጋዴ ሳይሆን ለዩኒቨርሲቲ የሚገባው። ሁለተኛው ከባድ ነው፤ ተቋም ግጥም ሲመርጥ ሳንሱር ተመልሶ ይመጣል የሚል። ሥጋቱ ከመሬት የተነሣ አይደለም። እስከ 1985ቱ የፕሬስ ሕግ ድረስ ጽሑፍ ለማተሚያ ቤት የሚበቃው አስቀድሞ ተመርምሮ ነበር። ነገር ግን ሳንሱርና አርታኢ አንድ አይደሉም። ሳንሱር ይሰርዛል፤ ምክንያቱን አይናገርም፤ ሌላ በርም አይተውም። አርታኢ ምክንያቱን በጽሑፍ ይሰጣል፤ ገጣሚውም ካልተስማማ ሥራውን ይዞ ይሄዳል። ልዩነቱ እንዲጠበቅ የአርታኢያኑ ስም ይታወቅ፤ በየጊዜውም ይለወጡ፤ በአንጻሩ ረቂቁ ያለ ገጣሚው ስም ይነበብ።

የሚጠየቀው ግዙፍ ድርጅት አይደለም። ከአርባ ገጽ የማይበልጡ፣ በጥቂት መቶ ቅጂ የሚታተሙ፣ በዓመት ሦስት ወይም አራት ቀጫጭን ጥራዞች ለመጀመሪያ ይበቃሉ። አማርኛ ብቻ ሳይሆን የኦሮምኛም፣ የትግርኛም፣ የሌሎቹም ቋንቋዎች ገጣሚያን ቦታ ይኑራቸው። ጥራዞቹ ለመምህራን ትምህርት ተቋማት ይዳረሱ። እኛም ሐያሲያን ግለ ሒስ እናድርግ፤ ለሟች መታሰቢያ ለመጻፍ የምንፈጥነውን ያህል የሕያዋንን መጽሐፍ ለመመርመር አንፈጥንም።

ዮሐንስ ለመድብሉ መጠሪያ የሆነውን ቃል የወሰደው ከጥንቱ የሙግት ሥርዓት ነው። በዚያ ሥርዓት «ተጠየቅ» የተባለ ሰው ዝም ማለት አይችልም፤ ዝምታው ራሱ ያስረታዋል። ለዩኒቨርሲቲው የምናቀርበው ጥያቄም ይኸው ነው፤ ዛሬ በግቢው ውስጥ ከሚጽፉት መካከል በሕይወት ሳለ የምታሳትሙት ማንን ነው?