ዳኛው ባሕር፤ በክብረ ነገሥት ስላለው ተአምረኛ ባሕር የቀረበ ምርመራ

ከዓለም ገና ቆመን ወደየትም ብንመለከት ባሕር አይታየንም። በዙሪያችን የባሕርን ስም ተሸክሞ የምናየው አንድ ነገር ባሕር ዛፍ ነው፤ እርሱም በዳግማዊ ምኒልክ ዘመን ከባሕር ማዶ ስለ መጣ ይህ ስም ወጣለት። እንግዲህ ለደገኛው ሕዝብ ባሕር ማለት በዓይን የታየ ውኃ ሳይሆን ከሩቅ የሚመጣና ወደ ሩቅ የሚወስድ፤ ወሰኑም የማይታወቅ ነገር ማለት ነው። ከዚህ የተነሣ አንዳንድ ሰዎች፤ ስለ አስፈሪና ስለ ምሥጢረኛ ባሕር የሚደረስ ታሪክ ከውጭ አገር መጻሕፍት ካልተዋሰ በቀር በእኛ ቋንቋ ሊበቅል አይችልም ይላሉ። ይህ አሳብ እውነት መሆን አለመሆኑን ለማየት ከራሳችን መጻሕፍት አንዱን መመርመር ይገባናል።

ክብረ ነገሥት በ14ኛው መቶ ዓመት መጀመሪያ በግእዝ የተዘጋጀ፤ 117 ምዕራፍ ያለው መጽሐፍ ነው። በፈረንጆች አቈጣጠር በ1905 ቤዞልድ የተባለው ጀርመናዊ ሊቅ ከነትርጓሜው አሳተመው፤ በ1922 ደግሞ ባጅ ወደ እንግሊዝኛ መለሰው። የታሪኩን አካሄድ ሁሉም ያውቀዋል። የሳዶቅ ልጅ አዛርያስ ከጓደኞቹ ጋራ ታቦተ ጽዮንን ከኢየሩሳሌም በስውር አወጣ፤ የሰሎሞንም ልጅ ከነሠራዊቱ ጕዞውን ወደ ኢትዮጵያ አደረገ። በመንገድ ሠረገሎቹ ከምድር ከፍ ብለው ይሄዳሉ። ከባሕረ ኤርትራ ሲደርሱም ሊቀ መላእክት ሚካኤል እየመራ በደረቅ ምድር እንደሚሄዱ ያሻግራቸዋል፤ ማዕበሉ ይጮኻል፤ ዓሣ አንበሪዎችም ወጥተው ለጽዮን ይሰግዳሉ።

ይህን ክፍል ብዙ አንባቢ እንደ ጌጥ ብቻ ቈጥሮ ያልፈዋል። እኛ ግን የመጽሐፉ ትልቅ ጥያቄ የሚፈታው በዚህ ስፍራ ነው እንላለን። ጥያቄውም ይህ ነው፤ ታቦቲቱ ተሰረቀች ወይስ ወደ ወደደችው አገር ሄደች? በሰው ሸንጎ ቢሆን ነገሩ ስርቆት ይባል ነበር። ስለዚህ ደራሲው ክርክሩን ከሰው አውጥቶ ወደ ባሕር ወሰደው። ይህ ባሕር ቀድሞ ፈርዖንን ከነሠራዊቱ ያሰጠመ ነው፤ በዳይን ለይቶ ማወቁ የተመሰከረለት ዳኛ ነው ማለት ይቻላል። እንዲህ ያለው ባሕር ለመንገደኞቹ ደስ ብሎት ከተቀበላቸው ፍርዱ ተሰጠ። ባሕሩ ተአምረኛ የሆነው አንባቢን ለማስደነቅ ብቻ አይደለም፤ ምስክርነቱ እንዲታመን ነው።

ነገር ግን ጕድለቱንም መሸፈን አይገባንም። ዳኛ የሚከበረው ሊፈርድብን የሚችል ሲሆን ነው። በክብረ ነገሥት መልአኩ አስቀድሞ ለአዛርያስ ተገልጦ ታቦቲቱን እንዲወስድ አዝዞታል፤ አንባቢውም ከባሕሩ ዳር ሲደርስ ፍርዱን ያውቀዋል። ማዕበሉ ቢጮኽም የሚፈራ መንገደኛ አናይም፤ አንድም ሰው በልቡ «በደለኛ ብሆንስ?» ብሎ ራሱን አይጠይቅም። አደጋው በድምፅ አለ፤ በሰው ልብ ውስጥ ግን የለም። ደራሲው ይህን የቀረ ኀዘን ያስቀመጠው በሌላ ስፍራ ነው፤ ሰሎሞን ልጁንና ታቦቱን ተከትሎ ሳይደርስባቸው ሲቀርና ሲያለቅስ እናያለን። ይህ ልቅሶ ከማዕበሉ ይልቅ ይሰማል። ለአንዱ ወገን መንገድ የሆነው ባሕር ለአባትዮው የማይታለፍ ወሰን መሆኑን ያሳያልና።

ከዚህ ጋራ ዜና እስክንድርን ብናስተያይ ልዩነቱ ይታወቃል። የግእዙ እስክንድር በእግዚአብሔር የሚያምን ንጉሥ ነው። የባሕርን ጥልቅ ለማየት ሲሻ በመስተዋት ዕቃ ገብቶ ይወርዳል። በዚያ ባሕሩ አይፈርድም፤ ነገር ግን ብዙ ምድር የገዛው ሰው ከውኃ በታች ሲሆን ምን ያህል ትንሽ እንደ ሆነ ያሳየዋል።

በቃል የሚነገረው የወሎው የሐይቅ ታሪክ ደግሞ ከሁለቱም ይልቅ ጽኑ ነው። አንዲት ልዕልት ነፍሰ ጡር ሴትን ስለ በደለች እግዚአብሔር ተቈጥቶ በዙሪያ የነበረውን ምድር ውኃ አደረገው፤ የተበደለችው ሴት የተቀመጠችበት ስፍራ ግን ደረቅ ሆኖ ቀረ ይባላል። በዚያም ስፍራ የሐይቅ እስጢፋኖስ ገዳም አለ። ታሪኩ አጭር ነው፤ ሆኖም ለዳኛው ባሕር የሚያስፈልገው ሁሉ ተሟልቶበታል፤ በዳይ አለ፤ ተበዳይ አለ፤ ከፍርድ በኋላም ማንም ሊያየው የሚችል ምልክት አለ።

እንግዲህ ከእነዚህ ሦስቱ የምናገኘው ትምህርት ግልጥ ነው። በእኛ አገር ታሪክ ተአምረኛ ባሕር ጀግና ታግሎ የሚያሸንፈው ጠላት አይደለም፤ ሰው ቀርቦ የሚመዘንበት ስፍራ ነው። ዛሬ በአማርኛ አዲስ ዓለም ፈጥረው ልብ ወለድ የሚጽፉ ወጣቶች ከውጭ መጽሐፍና ከሲኒማ መርከብና አውሬ ሲዋሱ ይህን ሚዛን ጥለው ይሄዳሉ። መዋስ ነውር አይደለም፤ ባሕር ዛፍም ከውጭ መጥቶ ቤት ሠርቶልናል። ነገር ግን አውሬው ቢበዛ፤ ማዕበሉም ቢከፋ፤ መንገደኛው የሚጠየቅበት ነገር ከሌለ ባሕሩ ውኃ ብቻ ሆኖ ይቀራል።

ስለዚህ ለጓደኞቻችን ተማሪዎች አንድ ሥራ እናሳስባለን። ከዓለም ገና በጅማው መንገድ ወሊሶ ተደርሶ ወደ አምቦ ሲታለፍ በደሴቱ ላይ የቂርቆስ ገዳም ያለበት የወንጪ ሐይቅ ይገኛል፤ በሌላው ወገን የቢሾፍቱ ሐይቆች አሉ። በዕረፍት ጊዜ ወደዚያ የሚሄድ ሰው ስለ ውኃው አመጣጥ ሽማግሌዎችን ይጠይቅ፤ በኦሮምኛ የተነገረውን በኦሮምኛ፤ በአማርኛ የተነገረውን በአማርኛ ይጻፍ፤ ከራሱም ምንም አይጨምር። ከሁሉ አስቀድሞ ግን ይህን ይጠይቅ፤ ውኃው የመጣው በማን ላይ ሊፈርድ ነው?