መጀመሪያ ራጅ፣ ከዚያ እጅ

ከሁምቦዋ ጠበላ እስከ ወላይታ ሶዶ መንገዱ ረጅም አይደለም፤ ከዛፍ ወድቆ ጀርባው ለተጎዳ ሰው ግን እያንዳንዱ ጉብታ ፈተና ነው። ሆስፒታል ሲደርስ ግን ወጌሻ በጣቱ ዳብሶ የሚገምተውን ራጅ ቁልጭ አድርጎ ያሳያል። ቪልሄልም ሮንትገን በ1895 እ.ኤ.አ. ያገኘው ጨረር ሥጋን በቀላሉ ያልፋል፤ አጥንት ላይ ሲደርስ ይጋረዳል። የአንገት 7፣ የደረት 12፣ የወገብ 5 አከርካሪዎች ተራ በተራ ይቆጠራሉ፤ የተሰበረው፣ የጎበጠው፣ ቲቢ የበላው ይለያል። ስብራቱን በዝርዝር ለማየት ሲቲ ስካን፣ ህብለ ሰረሰርን ለማየት ኤምአርአይ አለ፤ ብዙ ጊዜ በሩን የሚከፍተው ግን ራጅ ነው። እናም ጀርባው የተመታ ሰው ሳይታሽና ሳይጎተት፣ ጠፍጣፋ ነገር ላይ ተጋድሞ ይሂድ፤ መጀመሪያ ራጅ፣ ከዚያ እጅ።