የመተማና የቋራ ጫካ እውነት ባዶ ነበር?

መስከረም ሲጠባ ወረታ መናኸሪያ ጎራ ብትሉ፣ ከደራ፣ ከእስቴ፣ ከፋርጣና ከእኛው ከፎገራ የመጡ ጎረምሶች ጋቢያቸውን ደርበው፣ ማጭዳቸውን በማዳበሪያ ጠቅልለው የጎንደር መኪና ሲጠብቁ ታያላችሁ። ጉዟቸው ወደ መተማ ነው፤ ሰሊጥ ሊያጭዱ። እኔ ይህን እያየሁ ነው ያደግሁት። አብሮት የሚነገር ታሪክም አለ። ተራኪው ከሽማግሌ እስከ ሾፌር ይለያይ እንጂ ታሪኩ ያው ነው፦ መተማና ቋራ ድሮ ማንም ያልኖረበት ባዶ አገር ነበር፤ ጫካውም የሰው እጅ ያልነካው ድንግል ጫካ ነበር፤ ደፋሩ ወርዶ አቀናው፤ ቆላ ግን ሰው ይበላል።

ደስ የሚል ታሪክ ነው። አጭር ነው፣ ጀግና አለው፣ ማስጠንቀቂያም አለው። ግን እውነት ነው? የምህንድስና ተማሪ ስለሆንኩ አንድ ልማድ አለብኝ። ድልድይ ሲፈተሽ በጅምላ «ጥሩ ነው» ወይም «መጥፎ ነው» አይባልም፤ እያንዳንዱ ምሰሶ ለብቻው ይታያል። እስቲ ይህንንም ታሪክ እንደዚያ እንየው። ምሰሶዎቹ ሦስት ናቸው፦ «ባዶ ነበር»፣ «ያልተነካ ነበር» እና «ሰው ይበላል»።

አንደኛው ምሰሶ፦ «ባዶ ነበር»

መተማ ከጎንደር ወደ ስናር በሚወስደው የሲራራ ነጋዴ መንገድ ላይ የነበረ ትልቅ ገበያ ነው። ቡና፣ ሰምና ጥጥ ይሸጥበት ነበር፤ ሰውም ይሸጥበት ነበር። ከምዕራብ አፍሪካና ከዳርፉር መጥተው እዚያው የሰፈሩ፣ ተክሩር የሚባሉ ሙስሊሞች የራሳቸው ሼህ ነበራቸው። እንግሊዛዊው ተጓዥ ሳሙኤል ቤከር በ1862 እ.ኤ.አ. በዚያ ሲያልፍ አግኝቷቸው ስለ ኑሯቸው ጽፏል። ከእነሱ በፊት ደግሞ ጉሙዞች አሉ፤ ማሽላ የሚዘሩ፣ የሚያድኑ፣ የጫካ ማር የሚቆርጡ፣ ዛሬም በቋራና በመተማ የሚኖሩ።

ቋራን ደግሞ ሁላችሁም ታውቁታላችሁ፤ ዐፄ ቴዎድሮስ የተወለዱበት፣ ካሳ ኃይሉ በሚባሉበት ጊዜም ሸፍተው የገቡበት አገር ነው። ሽፍታ ቀለብ ይፈልጋል፣ ወሬ አቀባይ ይፈልጋል። ባዶ ጫካ ሽፍታ አያበላም። ዐፄ ዮሐንስ አራተኛም በመጋቢት 1881 ዓ.ም. የወደቁት እዚሁ መተማ ላይ ነው። ሁለት ትልልቅ ጦር የተላለቀበትን ቦታ «ማንም የማያውቀው» ማለት ይከብዳል።

ታዲያ ለምን ባዶ መሰለን? ሁለት ምክንያት ልስጣችሁ። የመጀመሪያው መራራ ነው። ከደጋ የሚወርዱ ገዢዎችና ነጋዴዎች ለብዙ ዘመን ጉሙዞችን እያሳደዱ ለባርነት ይፈነግሉ ነበር። የሚታደን ሰው መንገድ ዳር ቤት አይሠራም፤ ወደ ውስጥ ይሸሻል። እኛ «ባዶ» ያልነው የተወሰነው መሬት ሰው እንዲሸሽ የተደረገበት መሬት ነው።

ሁለተኛው የዓይን ልማድ ነው። ጉሙዞች አንዱን ማሳ ጥቂት ዓመት አርሰው ያሳርፉታል፣ ወደ ሌላው ይዞራሉ። ያረፈው ማሳ መልሶ ቁጥቋጦ ያበቅላል። በበሬ ለሚያርስ ደገኛ ዓይን ይህ ጠፍ መሬት ነው። ይህ ስህተት ለእኛ ለፎገራ ልጆች እንግዳ ሊሆን አይገባም። ሩዝ ሳይገባ በፊት፣ ክረምት ውኃ የሚተኛበትን ሜዳችንን ስንቱ እንግዳ «ጥቅም የሌለው ረግረግ» ብሎት አልፏል! እኛ ግን የፎገራ ከብት በጋውን የሚከርመው በዚያ ሣር እንደሆነ እናውቅ ነበር። ያልታረሰ መሬት ሁሉ ባለቤት የሌለው መሬት አይደለም። ይህ ምሰሶ ወድቋል።

ሁለተኛው ምሰሶ፦ «ያልተነካ ነበር»

የመተማና የቋራ ጫካ እንደ ጣና ገዳማት ጥቅጥቅ ያለ ደን አይደለም። ዛፎቹ ተራርቀው የቆሙ ናቸው፤ ግራር፣ አባሎ፣ የእጣን ዛፍ፣ በየቦታው ሽመል። ከሥራቸው ከሰው ቁመት የሚበልጥ ሣር ይበቅላል። ኅዳር አልፎ ሣሩ ሲደርቅ እሳት ይገባበታል፤ አብዛኛውን እሳት የሚለኩሰው ደግሞ ሰው ነው። ለአደን፣ ለማር ቆረጣ፣ ለእርሻ ምንጠራ፣ ለከብት አዲስ ሣር። እሳት የሚችል ወፍራም ቅርፊት ያለው ዛፍ ይተርፋል፣ የማይችለው ይጠፋል። ስለዚህ «ድንግል» የምንለው ጫካ የአየር ንብረቱ ብቻ ሳይሆን የሰውና የእሳትም ሥራ ነው።

ይህ ለምን ግድ ይለናል? «ያልተነካ ነው» ካልን፣ «ሰውን ካላስገባንበት ራሱን ይጠብቃል» ብለን እንዘናጋለን፤ ወይም በተቃራኒው «ገና ብዙ አለ» ብለን እንመነጥራለን። የእጣን ዛፉን ተመልከቱ። በ2019 እ.ኤ.አ. ኔቸር ሰስተይነቢሊቲ በተባለው መጽሔት የወጣ ጥናት እንዳሳየው፣ ከተጠኑት የእጣን ዛፍ ደኖች ከሦስት አራተኛ በላይ በሚሆኑት ውስጥ ለጋ ዛፍ የለም። ትልልቆቹ ቆመዋል፣ ልጅ ግን ለአሥርት ዓመታት አልተኩም። ቡቃያውን ከብት ይግጠዋል፣ የተረፈውን እሳት ይበላዋል። አጥኚዎቹ የእጣን ምርት በ20 ዓመት ውስጥ በግማሽ ሊቀንስ እንደሚችል ገምተዋል። ከመኪና መስኮት ብታዩት ጫካው ያለ ይመስላል። ተተኪ የሌለው መንደር ማለት ነው።

ሦስተኛው ምሰሶ፦ «ሰው ይበላል»

ይህን እንደ ተረት የምንስቅበት ብዙ ነን። እኔም ስቄያለሁ። ግን ከሦስቱ የሚቆመው ይህኛው ነው።

ወረታ ከባሕር ወለል በላይ ከ1,800 ሜትር ገደማ ላይ ናት፤ መተማ ከተማ 700 ሜትር አካባቢ። በአንድ ቀን ጉዞ ከአንድ ኪሎ ሜትር በላይ ቁልቁል ትወርዳላችሁ ማለት ነው። አባቶቻችን «ንዳድ» ያሉት ወባ አለ። ከወባም ሌላ ካላ አዛር አለ። በሽታውን የሚያመጣው ጥቃቅን ተሕዋስ ሲሆን የሚያስተላልፈው የአሸዋ ዝንብ ነው፤ ከትንኝ ያነሰ፣ ድምፅ የሌለው። ይህ ዝንብ የሚወደው ዋልካ መሬት ነው፤ እኛ መሐንዲሶች መንገድ ስለሚሰነጥቅብን የምንረግመው ያው ጥቁር አፈር። በበጋ ሲሰነጠቅ ዝንቡ ከስንጥቁ ውስጥ ይጠለላል፣ ማታ ይወጣል። በ1960ዎቹ ሰፋፊ የሑመራ እርሻዎች ሠራተኛ ከደጋ ሲያጎርፉ በሽታው በእነዚያው ሠራተኞች መካከል ተቀሰቀሰ።

ቀጥሎ ወደ እኛው መጣ። በ1997 ዓ.ም. ከወረታ በስተሰሜን ባለው በሊቦ ከምከም ሰዎች በትኩሳት ይወድቁ ጀመር። መጀመሪያ መድኃኒት የማይበግረው ወባ ነው ተባለ። ሲመረመር ካላ አዛር ሆኖ ተገኘ፤ ፎገራንም ነክቷል። ከዚያ በፊት በዚህ ከፍታ ያልተለመደ በሽታ ነበር። አጥኚዎች ያመጡት ከመተማና ከሑመራ ለሥራ ወርደው የተመለሱ ሰዎች ሳይሆኑ አይቀሩም ይላሉ። ሊቦ ከምከም ላይ በተደረገ ጥናት ለበሽታው ከሚያጋልጡት ነገሮች አንዱ ቀን ግራር ሥር መተኛት ሆኖ ተገኝቷል። «ቆላ ወርደህ ዛፍ ሥር አትተኛ» የሚል አያት ያላችሁ፣ ይቅርታ ጠይቋቸው።

ፍርዱ

እንግዲህ ተገላቢጦሽ ሆኗል። ሁለቱን የተሳሳቱ ምሰሶዎች ይዘን ትክክለኛውን ጥለናል። መንግሥታትም ከዚህ ታሪክ ነፃ አልነበሩም። ከ1977ቱ ድርቅ በኋላ ደርግ 600,000 ያህል ሰው ሲያሰፍር፣ በመተከል ፓዌ የተነሡት ጉሙዞች ነበሩ። በ1995 ዓ.ም. የተጀመረው ሰፈራ ደግሞ በአገር ደረጃ 2.2 ሚሊዮን ሰው ለማስፈር ያቀደ ሲሆን፣ ከአማራ ክልል ሰፋሪዎችን ከተቀበሉት ወረዳዎች መተማና ቋራ ይገኙበታል። ወደዚያ የወረዱትን አልወቅስም። መሬት የጠበበበት፣ ልጁን የሚያበላው ያጣ ሰው ነው የወረደው፤ ብዙዎቹ ዘመዶቻችን ናቸው። የምወቅሰው «ባዶ» የሚለውን ቃል ነው። ይህ ቃል ከተባለ በኋላ «እዚያ ማን ይኖራል? ጫካው በምን ይተካል? የሚወርደውን ሰው ምን ይነድፈዋል?» ብሎ የሚጠይቅ ይጠፋል።

ስለዚህ ታሪኩን ለታናናሾቻችሁ ስትነግሩ እንዲህ አርሙት፦ መተማና ቋራ ሰው የኖረበት፣ ብዙውም የተሳደደበት አገር ነው፤ ጫካው በእሳትና በሰው የተቀረጸ ነው፣ አሁን ግን ተተኪ እያጣ ነው፤ ቆላው ደግሞ የማይጠነቀቀውን ይጎዳል።

ዘንድሮ ከናንተ መካከል ለአጨዳ የሚወርድ ካለ አጎበር ይያዝ፤ ግራር ሥር ወይም የተሰነጠቀ ዋልካ ላይ አይደር። ሲመለስ ከሁለት ሳምንት በላይ የቆየ ትኩሳት ከያዘው፣ ከከሳና ግራ ጎኑ ሥር ጣፊያው ካበጠ፣ ወባ ነው ብሎ ቤት አይተኛ። ጤና ጣቢያ ሄዶ «መተማ ነበርኩ» ይበል። ካላ አዛር ካልታከመ ይገድላል፣ በጊዜ ከታከመ ግን ይድናል። ያቺ አንዲት ዓረፍተ ነገር ሐኪሙ የቱን ምርመራ እንደሚያዝዝ ትወስናለች።