ባሕሩን ማን አነሣው? ስበት፣ እንቅስቃሴና የባሕር ሙላት በልጆች የሳይንስ መጻሕፍት

ስለ ስበት ለልጆች የሚጻፉ መጻሕፍት አብዛኛውን ጊዜ ከዛፍ በሚወድቅ ፍሬ ይጀምሩና ጨረቃ ላይ በሚዘል ጠፈርተኛ ያበቃሉ። በመካከል አንድ ገጽ ለባሕር ይሰጣል፤ ጨረቃ ውኃውን ስትስብ፣ ውኃውም ወደ እርሷ ሲያብጥ የሚያሳይ ሥዕል፣ ከሥሩም የባሕር ሙላት የጨረቃ ስበት ውጤት መሆኑን የሚገልጽ ዐረፍተ ነገር። ሥዕሉ ግልጽ፣ ዐረፍተ ነገሩም አጭር ነው። ይሁን እንጂ በአብዛኞቹ ጠረፎች ውኃው በቀን ሁለት ጊዜ ይሞላል፤ ጨረቃ ደግሞ በአናት በኩል የምታልፈው አንድ ጊዜ ነው። ሁለተኛው ሙላት ሲመጣ እርሷ ያለችው ከአድማስ በታች፣ በመሬት ተቃራኒ ጎን ነው። ሥዕሉ ለዚህኛው ሙላት መልስ የለውም።

ለልጅ ሲጻፍ ማሳጠር ግድ ነው። ያጠረው ትምህርት ግን ልጁ ሲያድግ የሚሰፋ እንጂ የሚፈርስ መሆን የለበትም። ስቴላ ቮስኒያዱና ዊልያም ብሩወር በ1992 (በዚህ ጽሑፍ ያሉት ዓመታት ሁሉ እንደ ጎርጎርዮስ አቆጣጠር ናቸው) ባሳተሙት ጥናት በአሜሪካ ኢሊኖይ የሚማሩ 60 ልጆችን ስለ መሬት ቅርጽ ጠይቀው ነበር። መሬት ክብ ናት ከተባሉት ልጆች ብዙዎቹ የቀድሞ ሐሳባቸውን አልጣሉም። ከፊሎቹ ሰዎች በባዶ ኳስ ውስጥ፣ በጠፍጣፋ ወለል ላይ እንደሚኖሩ አሰቡ፤ ከፊሎቹም ሁለት መሬት እንዳለ ገመቱ፤ አንዷ የምንቆምባት ጠፍጣፋ፣ ሌላዋ ሰማይ ላይ ያለች ክብ። ልጅ የተነገረውን ቀድሞ ካሰበው ጋር አጋብቶ የራሱን ዓለም ይገነባል ማለት ነው። ስለዚህ በመጽሐፍ ውስጥ የገባች ትንሽ ስሕተት ብቻዋን አትቀርም፤ የሌላ ሐሳብ መሠረት ትሆናለች።

በዚህ መነሻ፣ ከ18ኛው ክፍለ ዘመን ወዲህ የታተሙ አምስት ሥራዎችን እንመልከት። የምንፈልገው አንድ ነገር ነው፦ ስበትንና እንቅስቃሴን አብረው ይዘዋል ወይስ ነጣጥለዋል?

ሽክርክሪት፣ ኳስና ጥያቄ

የኒውተን «ፕሪንሲፒያ» በ1687 በላቲን ሲታተም የዘመኑ ሊቃውንት ራሳቸው የሚቸገሩበት ሥራ ነበር። በ1761 የለንደኑ የልጆች መጻሕፍት አሳታሚ ጆን ኒውበሪ የኒውተንን ሥርዐት በልጆች አቅም የሚያቀርብ መጽሐፍ አወጣ። ቶም ቴሌስኮፕ የተባለ ልጅ ለእኩዮቹ ስድስት ትምህርቶችን ይሰጣል። የመጀመሪያው ትምህርት ስለ ቁስ አካልና ስለ እንቅስቃሴ ነው፤ ማስረጃዎቹም ልጆች በእጃቸው የሚያውቋቸው ሽክርክሪትና ኳስ ናቸው። ወደ ፀሐይና ወደ ፕላኔቶች የሚያልፈው ከዚያ በኋላ ነው። ይህ ቅደም ተከተል ብልህነት አለበት፤ የሚንቀሳቀስ ነገር ካልተገታ እንቅስቃሴውን እንደሚቀጥል ያልገባው ልጅ፣ ጨረቃ ለምን እንደማትወድቅ ሊገባው አይችልም። የመጽሐፉ ድክመት ዕውቀቱ ወደ አንድ አቅጣጫ ብቻ መፍሰሱ ነው፤ ቶም ያስተምራል፣ የባለጸጋ ቤት ልጆች ያዳምጣሉ።

ጄን ማርሴት በ1819 ባሳተመችው የተፈጥሮ ፍልስፍና ውይይት ይህን አቃናች። መምህርቷ ወይዘሮ ቢ ከኤምሊና ከካሮላይን ጋር ትነጋገራለች፤ ልጆቹም ይጠይቃሉ፣ ይጠራጠራሉ፣ ይከራከራሉ። የማርሴት ዘዴ ምን ያህል ፍሬያማ እንደ ነበር የሚያሳየው ከዚያ ቀደም ያዘጋጀችው የኬሚስትሪ ውይይት ነው፤ በመጻሕፍት ጥረዛ ሙያ ይሠለጥን የነበረው ወጣቱ ማይክል ፋራዳይ ያን መጽሐፍ አንብቦ ወደ ሳይንስ መሳቡን በኋላ ራሱ መስክሯል። በተፈጥሮ ፍልስፍናው መጽሐፍ የባሕር ሙላት የሚመጣው ስለ ስበት፣ ስለ እንቅስቃሴ ሕጎችና ስለ ፕላኔቶች ከተወራ በኋላ፣ ስለ ጨረቃ በሚደረገው ውይይት መጨረሻ ላይ ነው። ማርሴት ሙላትን የሌሎቹ ትምህርቶች ሁሉ መገናኛ አድርጋ አስቀምጣዋለች። የዛሬ ጸሐፊዎች ሊመለሱበት የሚገባ ሥርዐት ነው።

አብሮ መውደቅ

ያኮቭ ፔሬልማን በ1913 በሩሲያ «አዝናኝ ፊዚክስ»ን ሲያሳትም ከሁለቱም የተለየ መንገድ ያዘ፤ የታወቁ ልብ ወለዶችን ስሕተት እያወጣ ያስተምራል። ጁል ቬርን በልብ ወለዱ በመድፍ ተኩሶ ወደ ጨረቃ የላካቸው ተጓዦች ክብደት የሚያጡት የመሬትና የጨረቃ ስበት በሚተካከልበት አንድ ቦታ ላይ ብቻ ነው። ፔሬልማን ግን ተጓዦቹና መንኮራኩራቸው ከመድፉ አፍ ወጥተው ከአየሩ ካለፉ በኋላ በስበት ብቻ አብረው ስለሚጓዙ፣ በመንገዱ ሁሉ ክብደት ሊሰማቸው እንደማይገባ ያስረዳል። አንባቢው ወጣት የሚወደውን መጽሐፍ ሳይጠላ መመርመርን ይማራል።

የቬርን ስሕተት ዛሬም በልጆች መጻሕፍት ውስጥ በባሰ መልኩ ይኖራል፤ «በጠፈር ስበት የለም» ይባላል። ዓለም አቀፉ የጠፈር ጣቢያ የሚዞረው ከመሬት 400 ኪሎ ሜትር ገደማ ከፍ ብሎ ነው። በዚያ ከፍታ የመሬት ስበት መሬት ላይ ካለው ወደ 90 በመቶ ይሆናል። ጠፈርተኞቹ የሚንሳፈፉት እነርሱና ጣቢያው አብረው ስለሚወድቁ ነው፤ ወደ ጎን ያላቸው ፍጥነት ከፍተኛ በመሆኑ መሬትን ይዞሯታል እንጂ አያርፉባትም። ኦገስት 2 ቀን 1971 የአፖሎ 15 አዛዥ ዴቪድ ስኮት አየር በሌለባት ጨረቃ ላይ መዶሻና የጭልፊት ላባ ለቅቆ ሁለቱ እኩል ሲያርፉ አሳይቷል። ይህ ሙከራ በብዙ የልጆች መጽሐፍ ይገኛል፤ ከጠፈርተኛው መንሳፈፍ ጋር ሲያያዝ የሚታየው ግን ጥቂት ነው። ሁለቱ አንድ ትምህርት ናቸው፦ በስበት ብቻ የሚንቀሳቀሱ ነገሮች፣ ከባድም ይሁኑ ቀላል፣ አብረው ይወድቃሉ።

በዚህ መስፈርት ሁለት የአሜሪካ መጻሕፍትን እናወዳድር። የኒውዮርኩ ሃይደን ፕላኔታሪየም የሥነ ፈለክ ባለሙያ ፍራንክሊን ብራንሊ በ1970 ያሳተመው መጽሐፍ ስበትን ምሥጢር ብሎ ይጠራዋል። ልጁን መሬትን ሰንጥቆ በሚያልፍ ጉድጓድ ውስጥ በሐሳብ ይጥለዋል፤ በተለያዩ ፕላኔቶች ላይ ክብደቱን ያስመዝነዋል፤ ስበት ምን እንደ ሆነ ግን በትክክል አይታወቅም ይለዋል። ይህ ሐቀኝነት ክብር ይገባዋል። ኒውተን ራሱ በ1713ቱ የ«ፕሪንሲፒያ» እትም የስበትን መንስኤ እንዳላገኘ ጽፏል። ሆኖም መንስኤው አለመታወቁ ሕጉ አለመታወቁ አይደለም፤ አንድ ልጅ ሁለቱን ካልለየ «ምሥጢር ነው» የሚለው ቃል የጥያቄ መዝጊያ ሊሆንበት ይችላል። የጉድጓዱ ሐሳብ ግን የመጽሐፉ ትልቁ ስጦታ ነው፤ ልጁ መውደቅን ከመሬት ወለል ነጥሎ እንዲያስብ ያስገድደዋል።

የጄሰን ቺን «ስበት» (2014) በጥቂት ቃላትና በታላላቅ ሥዕሎች የሚናገር ነው። ባሕር ዳር የሚጫወት ልጅ መጫወቻዎቹ ወደ ጠፈር ሲንሳፈፉበት ይታያል፤ ስበት ባይኖር ጨረቃም ከመሬት፣ መሬትም ከፀሐይ ትርቅ ነበር። ስበትን በማጣቱ እንዲታወቅ ማድረግ ድንቅ የሥዕል አስተሳሰብ ነው። የሚጎድለው እንቅስቃሴ ነው። ስበት ቢጠፋ ነገሮች በነበራቸው ፍጥነት ቀጥ ብለው ይሄዳሉ፤ ጨረቃም የምትርቀው ቀድሞውኑ ወደ ጎን ስለምትሮጥ ነው። በሥዕሉ ግን መንሳፈፉ በራሱ የሚመጣ ይመስላል። ታሪኩ ባሕር ዳር እየተፈጸመ ዋናው ትረካ ስለ ሙላት አለማንሣቱም ያመለጠ ዕድል ነው።

የባሕሩ ፈተና

ስለ ሙላት የተሰጡ የቀድሞ ማብራሪያዎች ለዛሬው ሐያሲ ትልቅ ትምህርት አላቸው። ጋሊሊዮ በ1632 በታተመው መጽሐፉ ኬፕለር በጨረቃ ተጽዕኖ ማመኑን ነቅፎ፣ ሙላትን በመሬት እንቅስቃሴ ብቻ ሊያስረዳ ሞከረ። ሐሳቡ ያስገኘው በቀን አንድ ሙላት ብቻ ነው። ዛሬ ደግሞ ብዙ የልጆች መጻሕፍት እንቅስቃሴን ትተው በስበት ብቻ ሊያስረዱ ይሞክራሉ፤ እነርሱም የሚያገኙት አንድ ሙላት ነው። ከሁለት ተቃራኒ ጫፎች ተነሥተው አንድ ስሕተት ላይ ደረሱ።

መፍትሔው አብሮ በመውደቅ ውስጥ አለ። መሬትና ጨረቃ አንዷ ወደ ሌላዋ እየወደቁ የጋራ ማዕከላቸውን ይዞራሉ። ስበት በርቀት ስለሚቀንስ ግን ሁሉም የመሬት ክፍል እኩል አይሳብም። ሦስት ልጆች በአንድ ሰልፍ ተከታትለው ይሮጣሉ እንበል፤ ፊተኛው ከመካከለኛው ትንሽ ይፈጥናል፣ ኋለኛው ትንሽ ይዘገያል። ሦስቱም ወደ አንድ አቅጣጫ ይሄዳሉ፤ መካከለኛው ግን ከፊቱም ከኋላውም ክፍተት ሲሰፋ ያያል። ፊተኛው በጨረቃ በኩል ያለው ውኃ፣ መካከለኛው መሬት፣ ኋለኛው በተቃራኒው በኩል ያለው ውኃ ነው። ሁለቱ ሙላቶች የሚመጡት ከዚህ ልዩነት ነው።

ፀሐይ መሬትን የምትስብበት ኃይል ከጨረቃ ወደ 180 ጊዜ ይበልጣል። ሙላት የስበት ብርታት ውጤት ቢሆን ኖሮ የባሕሩ ጌታ ፀሐይ በሆነች ነበር። ጨረቃ ግን 384,400 ኪሎ ሜትር ያህል ብቻ ስለምትርቅ፣ በቅርቡና በሩቁ የመሬት ጎን መካከል የስበቷ ልዩነት ወደ 7 በመቶ ይጠጋል፤ 150 ሚሊዮን ኪሎ ሜትር የምትርቀው የፀሐይ ልዩነት ከ10,000 ወደ 2 ብቻ ነው። ስለዚህ የፀሐይ ሙላት አስነሺ ኃይል ከጨረቃዋ ግማሽ እንኳ አይሞላም። ይህ ሒሳብ ከማካፈልና ከማባዛት አያልፍም፤ ለአሥራ ሁለት ዓመት ልጅ የሚከብድ አይደለም።

ጥሩ መጽሐፍ የዚህን ማብራሪያ ወሰንም ይናገራል። የሒሳብ ሊቁ ላፕላስ ከ1775 ጀምሮ እንዳሳየው ሙላት የሚጓዝ ሞገድ ነው፤ እውነተኛው ውቅያኖስም በአህጉራት ስለሚታገድ ሞገዱ ይንጸባረቃል። በካናዳው የፈንዲ ባሕረ ሰላጤ የውኃው የራሱ የመወዛወዝ ጊዜ ከሙላቱ 12 ሰዓት ከ25 ደቂቃ ጋር ስለሚቀራረብ ከፍታው እስከ 16 ሜትር ይደርሳል።

ለአማርኛ አንባቢ ልጆች

ይህ ጉዳይ አማርኛ አንባቢ ልጆችን በልዩ መንገድ ይመለከታል። ለንደን የምታድግ ልጅ የቴምዝ ወንዝ በከተማዋ መካከል ወደ 7 ሜትር ከፍ ዝቅ ሲል ታያለች። ቴል አቪቭ ያለው ልጅ የሚያየው ከግማሽ ሜትር አያልፍም። ጅዳ ላይ ሙላቱ እምብዛም አይታይም፤ በዚያው በቀይ ባሕር ወደ ደቡብ፣ ምጽዋ አካባቢ፣ ወደ አንድ ሜትር ይጠጋል። ጨረቃዋ አንዲት ናት። የውኃው መለያየት የባሕሩን ገንዳ ቅርጽና ጥልቀት እንድንጠይቅ ያደርገናል። አንድ የአማርኛ መጽሐፍ እነዚህን ልጆች በአንድ ገጽ ላይ ቢያገናኛቸው፣ ያየኸውን ንገረኝ፣ ያየሁትን ልንገርህ እየተባባሉ የሚማሩበት ይሆናል።

ባሕር ያላየው የደገኛ ልጅስ? ጣና ላይ በዓይን የሚታይ ሙላት የለም። ነገር ግን ጨረቃ በየቀኑ በአማካይ 50 ደቂቃ ያህል ዘግይታ ትወጣለች፤ የባሕር ሙላትም በየቀኑ የሚዘገየው በዚሁ ልክ ነው። በተጨማሪም ኢትዮጵያ ለምድር ወገብ ቅርብ ስለሆነች፣ ይህ መዘግየት ዓመቱን ሙሉ እንደ ለንደን ብዙ አይለዋወጥም። ጎንደር ውስጥ ያለ ተማሪ ሙሉ ጨረቃ ምሽት 12 ሰዓት ገደማ ስትወጣ አይቶ ለተከታታይ ቀናት ሰዓቱን ቢመዘግብ፣ ያላየውን ባሕር የሚመራውን ሰዓት በእጁ ያገኘዋል። ከሌላ አገር የተተረጎመ መጽሐፍ ይህን ሊነግረው አይችልም። በቋንቋውና ከአገሩ ሰማይ ተነሥቶ የሚጻፍለት ያስፈልገዋል።

ስለዚህ ለልጆች የሚቀርብን የሳይንስ ረቂቅ የሚመዝኑ አርታኢዎች፣ መምህራንና ሐያስያን ሦስት ነገር እንዲጠይቁ እሟገታለሁ። መጽሐፉ ስበትን ከእንቅስቃሴ ጋር አያይዟል? ልጁ በራሱ ሰማይና ሜዳ ላይ የሚፈትነው ነገር ሰጥቷል? ሳይናገር ያለፈውን እንዳለፈው ለአንባቢው አሳውቋል? ሦስተኛው ከሁሉ ይከብዳል። ያልተነገረውን ልጁ በኋላ ሊጨምርበት ይችላል፤ በስሕተት የተነገረውን ግን ሳይገነባ በፊት ማፍረስ አለበት። ያን ድካም በልጅ ትከሻ ላይ የመጫን መብት ለማንም ጸሐፊ አልተሰጠም።