ስምን ስለ መንፈግ

ራይነር ቬርነር ፋስቢንደር በ1945 ተወልዶ በ1982 በ37 ዓመቱ የሞተ ጀርመናዊ የቴአትር ደራሲና የፊልም አዘጋጅ ነው፤ ዓመቶቹን የምጽፈው እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ነው። በዚህች አጭር ዕድሜው አርባ ያህል ፊልሞች ሠርቷል። ሁሉን መዘርዘር አንባቢን ማድከም ስለሚሆን በሁለቱ ሥራዎቹ ብቻ እናገራለሁ።

የመጀመሪያው በ1974 የወጣው «ፍርሃት ነፍስን ይበላል» የተባለው ፊልም ነው። ኤሚ የምትባል ባልዋ የሞተባት አሮጊት የጽዳት ሠራተኛ፣ ዝናብ አስገድዷት ከገባችበት መጠጥ ቤት በዕድሜ ብዙ የሚያንሳትን የሞሮኮ ተወላጅ ሠራተኛ ታገኛለች፤ ኋላም ታገባዋለች። ጀርመኖቹ «አሊ» ይሉታል። ኤሚ ረጅሙን እውነተኛ ስሙን ከአፉ ሰምታለች፤ ነገር ግን እርሷም አሊ ትለዋለች።

ልጅዋ ተቈጥቶ ቴሌቪዥኗን በእርግጫ ይሰብራል፤ ባለሱቁ አሊ የጠየቀውን እንዳልሰማ ይሆናል፤ የሥራ ጓደኞችዋ ይሸሿታል። ኋላ ግን ባለሱቁ ደንበኛ፣ ልጅዋም ሕፃኑን የሚጠብቅለት ሰው ሲቸግራቸው ሁሉም በፈገግታ ይመለሳሉ። ያን ጊዜ ኤሚ ራስዋ ትለወጣለች። አሊ ኩስኩስ ቢያምረው የጀርመንን ምግብ ልመድ ትለዋለች፤ ጓደኞችዋም እንደ ገበያ በሬ ክንዱን እንዲዳስሱ ትፈቅዳለች። ከዩጎዝላቪያ የመጣች አዲስ ሠራተኛም ኤሚ ቀድሞ ብቻዋን በበላችበት ደረጃ ላይ ተገልላ ትበላለች፤ ካገለሏት አንዷ ኤሚ ናት።

መጀመሪያ ባየሁት ጊዜ እዚህ ላይ ተናደድሁ። የተበደለ ሰው እስከ መጨረሻው ንጹሕ እንዲሆንልኝ እፈልግ ነበርና። አሁን ግን የፊልሙን ትልቅነት የማየው በዚሁ ስፍራ ነው።

ሁለተኛው በ1975 የጻፈው «ቆሻሻው፣ ከተማውና ሞት» የተባለው ቴአትር ነው። በውስጡ በቤትና በመሬት ንግድ የከበረ ሰው አለ፤ ደራሲው ስም ሳይሰጠው «ሀብታሙ አይሁዳዊ» ብቻ ይለዋል። ከተማው ይህን ሰው ለራሱ ጥቅም መሣሪያ እንዳደረገው ማሳየቱ ነው የሚሉ አሉ፤ አሳቡም ከጽሑፉ ውስጥ አይታጣም። ይሁን እንጂ አሊ ይርበዋል፣ ያፍራል፣ ከጨጓራው ሕመም የተነሣ ይወድቃል። ይህ ሰው ግን ጠላቶቹ በሰጡት መጠሪያ እንደ ተሸፈነ ይቀራል፤ ያውም ጀርመን አይሁዶችን በጨፈጨፈች በሠላሳ ዓመቷ።

በ1985 ቴአትሩ በፍራንክፈርት ሊታይ ሲል የከተማው የአይሁድ ማኅበር አባሎች መድረኩን ያዙ፤ ከእነርሱም ከናዚ እልቂት የተረፉ ነበሩባቸው። አንድን ሥራ እንዳይታይ መከልከል እኔ አልወድም፤ በዚህም ነገር ከራሴ ጋር ብዙ ተሟግቻለሁ። ስለ ስሙ ግን የፈረድሁት መድረኩ ላይ ለቆሙት ነው። ቴአትሩ በዚያች ምሽት ሳይታይ ቀረ።