የመንግሥትን ዕዳ በፍርድ ስለ መጠየቅ

መንገድ ጠርጎ፥ ድልድይ ሠርቶ ወይም የትምህርት ቤት ክፍል አቁሞ ዋጋው ላልተከፈለው ተቋራጭ ክስ የሚጽፍ ጠበቃ፥ ምንም እንኳ ጽሕፈቱን ለችሎት የሚያቀርብ ቢሆን፥ ሁለት አንባቢዎች እንዳሉት ሊያስብ ይገባዋል፤ አንዱ ፍርድ የሚሰጠው ዳኛ ሲሆን፥ ሁለተኛው የፍርዱን ግልባጭ ተቀብሎ «ይህ ከየትኛው የበጀት ርእስ ይከፈላል?» የሚለው የፋይናንስ ሹም ነው። በጂንካ በዚህ ሙያ ስኖር የተረዳሁት፥ ለዳኛው ብቻ ታስቦ የተጻፈ ክስ ቢረታም እንኳ ገንዘቡን ቶሎ እንደማያስገኝ ነው።

ለዳኛው የሚቀርበውን ማስረጃ ዝናም ሳይቀድመው መያዝ ያስፈልጋል፤ ጂንካ ባለችበት በደቡብ ኦሞ ዝናሙ የሰሜኑን ክረምት አይጠብቅም፤ ዋናው ከመጋቢት እስከ ግንቦት ይወርዳል። ስለዚህ በበጋ የተሞላው አፈርና የተቆፈረው መሠረት አስቀድሞ ያልተለካ እንደ ሆነ፥ ጎርፉ ሥራውን ይዞት ሲሄድ ማስረጃውንም አብሮ ይወስደዋል። ቴክ ኦፍ የምንለው የልኬት ቅጽ፥ ርዝመቱ፥ ስፋቱና ቁመቱ በየመስመሩ ተጽፎ፥ መሠረቱ በግንብ ከመሸፈኑ በፊት የተቋራጩና የአማካሪው መሐንዲሶች ፈርመውበት ቀን የሰፈረበት ከሆነ፥ እኔ ከብዙ ፎቶግራፍና ከረጅም የአቤቱታ ደብዳቤ አብልጬ እይዘዋለሁ። ከእርሱ ቀጥሎ የምፈልገው የክፍያ ሰርተፊኬቱ ለመሥሪያ ቤቱ የደረሰበትን፥ የገቢ መዝገብ ቁጥርና ማኅተም ያረፈበትን ቅጂ ነው (ማኅተሙ የደበዘዘ እንደ ሆነ በዚያው ቀን መልሶ ማስመታት ይሻላል)።

በ1952 ዓ.ም. የወጣው፥ ፈረንሳዊው ሊቅ ሬኔ ዳቪድ ያረቀቀው የፍትሐ ብሔር ሕግ፥ ከአንቀጽ 3131 ጀምሮ የአስተዳደር ውልን ከሌላው ውል ለይቶ ይደነግጋል። በዚህ ሕግ መሠረት መንግሥት ግዴታውን ስላልፈጸመ ብቻ፥ አፈጻጸሙ የማይቻል ካልሆነ በቀር፥ ተቋራጩ ሥራውን ሊያቆም አይፈቀድለትም። የ1958ቱ የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ ደግሞ በአንቀጽ 315 ከአስተዳደር ውል የሚነሣ ክርክር በግልግል ዳኝነት እንዳይታይ ከልክሎ ነበር፤ የ2013ቱ የግልግል ዳኝነት አዋጅ ቁጥር 1237ም ሕግ ካልፈቀደ በቀር ክልከላውን ጠብቆታል፤ እንግዲህ የቀረው በር ችሎት ነው። ክፍያው ሲዘገይ የሚታሰበው ወለድም በፍትሐ ብሔር ሕጉ አንቀጽ 1751 በዓመት 9 በመቶ ነው። የዋጋ ንረት በ2014 ዓ.ም. ከ30 በመቶ በላይ ሲደርስ፥ ሲሚንቶና ብረት በዱቤ ገዝቶ ለሠራ ሰው ይህ ልክ ርትዕ ነው ለማለት ይከብደኛል፤ የምንደኛ ደመወዝ እንዳያድር ያዘዘችው ኦሪት ከዚህ ይልቅ ትጠነክር ነበር።

ከሳሽን እጅግ የሚያደክመው ግን የተከሳሹ ማንነት ነው። የደቡብ ክልል በ2015 ዓ.ም. ፈርሶ የደቡብ ኢትዮጵያና የማዕከላዊ ኢትዮጵያ ክልሎች ሲተኩ፥ ውሉን የፈረመው ቢሮ ስሙም መቀመጫውም ተለወጠ፤ ተከሳሹም «እኔ ተዋዋይ አይደለሁም» ብሎ የመጀመሪያ ደረጃ መቃወሚያ ለማቅረብ በቂ ምክንያት አገኘ። ስለዚህ ክሱ ከመጻፉ በፊት ሥራውንና ዕዳውን የትኛው መሥሪያ ቤት እንደ ተረከበ ከማቋቋሚያ ሕጉና ከርክክቡ ቃለ ጉባኤ ፈልጎ ማያያዝ ያስፈልጋል።

ፍርድ ከተሰጠ በኋላም የፍርድ ባለመብቱ የመንግሥትን ትምህርት ቤት ወይም መንገድ በሐራጅ ሊያሸጥ አይችልም፤ ለሕዝብ አገልግሎት የተመደበ ንብረት በፍትሐ ብሔር ሕጉ አንቀጽ 1454 አይተላለፍምና። ዕዳው የሚከፈለው ከበጀት ነው፤ በጀቱም ሰኔ 30 ይዘጋል። በዚህ ምክንያት ዳኝነት ስጠይቅ ገንዘቡን በጅምላ አላስቀምጥም፤ ዋናውን ገንዘብ በየሰርተፊኬቱ ቁጥር፥ የተያዘውን የዋስትና ገንዘብ ለብቻው፥ ወለዱንም ከሚታሰብበት ቀን ጋር ለይቼ እዘረዝራለሁ፤ ፍርዱ በዚሁ ዝርዝር ሲጻፍ የፋይናንሱ ሹም እንደገና ማስላት ሳያስፈልገው ወደ በጀት ጥያቄው ይገለብጠዋልና። ግልባጩንም የመጪው ዓመት በጀት ገና ሲዘጋጅ ወስጄ በገቢ መዝገብ ቁጥር አስረክባለሁ፤ በሐምሌ የሚደርስ ፍርድ አብዛኛውን ጊዜ የሚቀጥለውን ዓመት ይጠብቃል።